አባት ያልተናገረውን ልጅ ጻፈው፦ የደራሲ ዲናው መንግሥቱ ሕይወትና መጻሕፍት



በዚህ ጽሑፍ ላስተዋውቃችሁ የፈለግሁት ሰው ዲናው መንግሥቱ ይባላል። ስሙን እንደሰማችሁ የአገራችሁ ልጅ መሆኑን ታውቃላችሁ። አሜሪካኖች ግን የእኛ ደራሲ ነው ይላሉ፤ እነሱም አልተሳሳቱም። እስካሁን አራት ልብ ወለዶች በእንግሊዝኛ ጽፏል። ትልልቅ ሽልማቶች አግኝቷል፣ በኮሌጅ ያስተምራል፣ ብዙ አንባቢ ያውቀዋል። ስለ እሱ የምጽፍላችሁ ግን ሽልማቱን ቆጥረን «እልል» እንድንል ብቻ አይደለም። ይህ ሰው ዕድሜውን ሙሉ የሚቆፍረው ጉድጓድ በእኛም ቤት ውስጥ ስላለ ነው። ወላጅ ስላለፈበት መንገድ ዝም ሲል ልጅ ምን ይሆናል? የአራቱም መጻሕፍት ጥያቄ፣ ባጭሩ፣ ይኸው ነው።

(ዓመተ ምሕረቱን ሁሉ የጻፍኩት በፈረንጆች አቆጣጠር መሆኑን አስቀድሜ ልንገራችሁ።)

ከአዲስ አበባ እስከ ፒዮሪያ

ዲናው የተወለደው በ1978 አዲስ አበባ ውስጥ ነው። ያ ጊዜ ምን እንደነበረ ለእናንተ ማስረዳት ለቀባሪው ማርዳት ነው። ደርግ ሥልጣን ከያዘ አራተኛ ዓመቱ፣ ቀይ ሽብር የሚባለው እሳት ወጣቱን የሚበላበት ጊዜ ነበር። አባትየው ልጃቸው ሳይወለድ አገር ጥለው ወጥተው ነበር። ከዘመዶቹም በዚያ አብዮት ሕይወታቸውን ያጡ አሉ፤ አንዱ አጎቱ ናቸው። በ1980 ሁለት ዓመት ሲሞላው እናቱ እሱንና እህቱን ይዘው አሜሪካ ገቡ። እንግዲህ አባቱን ያወቀው ያኔ ነው ማለት ነው።

ያረፉት ኢሊኖይ በሚባለው ግዛት፣ ፒዮሪያ በምትባል ከተማ ነው። ፒዮሪያ ካተርፒላር የሚባለው የትራክተርና የቡልዶዘር ኩባንያ ዋና መቀመጫ የነበረች የፋብሪካ ከተማ ናት። ዋሽንግተን ወይም ሎስ አንጀለስ እንዳሉት ያለ የኢትዮጵያውያን ሰፈር አልነበረባትም። እንጀራ የሚሸጥበት ሱቅ፣ ለቅሶ የሚደርስ ጎረቤት፣ በአማርኛ «እንዴት አደርሽ» የሚል ሰው እንደ ልብ የማይገኝበት ቦታ ነው። መርከዝ ክሊታ ውስጥ ከመቶ ቤተሰብ ጋር ለኖርነው ለእኛ እንዲህ ያለውን ብቸኝነት ማሰብ ይከብዳል። እኛ ቢያንስ ችግሩን አብረን አይተነዋል።

ቤተሰቡ በኋላ ወደ ቺካጎ አካባቢ ሄደ፤ ልጁም ሁለተኛ ደረጃን እዚያ ጨረሰ። ከዚያ ዋሽንግተን በሚገኘው በጆርጅታውን ዩኒቨርሲቲ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ተማረ። ቀጥሎም ኒውዮርክ በሚገኘው በኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ በልብ ወለድ አጻጻፍ ሁለተኛ ዲግሪውን ያዘ።

እዚህ ላይ ትንሽ ቆም እንበል። ስንቶቻችሁ ናችሁ «ልጄ ደራሲ ይሁንልኝ» ብላችሁ የመረቃችሁ? ሐኪም፣ ጠበቃ፣ ኢንጂነር ነው ምርቃቱ። እኔም የቄስ ልጅ ነኝ፤ አባቴ መጽሐፍ የሚሉት ኦሪትን ነበር። ተረት የሚጽፍ ሰው እንጀራ ይበላል ቢባሉ ይስቁ ነበር። የዲናውን ነገር የምነግራችሁ ልጆቻችሁን ሁሉ ደራሲ አድርጉ ለማለት አይደለም። ልጃችሁ ማታ ማታ በደብተር የሚጫጭረው ነገር ካለ ግን «ሥራ ፍታ» ብላችሁ አታባርሩት። ምን እንደሚጽፍ ቀስ ብላችሁ ጠይቁት።

ማኮሌት ውስጥ የተቀመጠው ሰው

የመጀመሪያ መጽሐፉ በ2007 ወጣ። ርእሱ ወደ አማርኛ ሲመለስ «ሰማይ የተሸከመቻቸው ውብ ነገሮች» እንደ ማለት ነው፤ ርእሱን የወሰደው ከጣሊያናዊው ባለቅኔ ከዳንቴ ነው። እንግሊዝ አገር ያሳተሙት ግን «የአብዮት ልጆች» በሚል ርእስ ነው። ሁለቱም ርእሶች ይስማሙታል።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ሴፋ እስጢፋኖስ የሚባል ኢትዮጵያዊ በዋሽንግተን ከተማ፣ ሎጋን ሰርክል በሚባል ሰፈር፣ እኛ ማኮሌት የምንላት ዓይነት ትንሽ ሱቅ አለችው። ወተት፣ ዳቦ፣ ሲጋራ፣ ሎተሪ ይሸጣል። አሜሪካ ከገባ 17 ዓመት ሆኖታል፤ ልቡ ግን አልገባም። አንዳንድ ቀን ሱቁን ይከፍታል፣ አንዳንድ ቀን ዘግቶ ይሄዳል። ሁለት ጓደኞች አሉት፤ አንዱ የኬንያ፣ አንዱ የኮንጎ ሰው ነው። ሦስቱም ሲመጡ አንድ ሆቴል ውስጥ አብረው ሻንጣ ይሸከሙ ነበር። አሁን ማታ ማታ በሱቋ ጓሮ ይሰበሰቡና አንድ ጨዋታ ይጫወታሉ። አንደኛው በመፈንቅለ መንግሥት የወጣ የአፍሪካ መሪ ስም ይጠራል፤ ሌሎቹ አገሩንና ዓመቱን ይናገራሉ። ይሳሳቃሉም። ስም ግን አያልቅባቸውም። የዚህን ሳቅ ምሬት የሚያውቅ ያውቀዋል።

ሴፋ ለምን ተሰደደ? ወታደሮች ቤታቸው ገብተው ሲፈትሹ የተከለከለ ወረቀት ተገኘ። ወረቀቱ የልጁ ነበር። አባትየው ግን «የኔ ነው» አሉ። ደብድበው ወሰዷቸው፤ አልተመለሱም። ልጁም እናቱና ታናሽ ወንድሙ እዚያው ቀርተው እሱ ብቻ ወጣ። አሁን ቆጣሪ ሳጥኑ ጀርባ ተቀምጦ የሚያስበው ይህንኑ ነው፤ ለደንበኛ የሚነገር ነገር ግን አይደለም።

አንድ አጎትም አሉት። ከዋሽንግተን ወጣ ብሎ ሲልቨር ስፕሪንግ በምትባል ቦታ፣ ነዋሪው ባብዛኛው ኢትዮጵያዊ በሆነ ረጅም ሕንጻ ውስጥ ይኖራሉ። አዲስ አበባ ሳሉ ትልቅ ሰው ነበሩ። በስደት አገር ሆነው በአገራቸው ስለሚፈሰው ደም ለአሜሪካ ፕሬዚዳንቶች ደብዳቤ ይጽፉ ነበር። ደራሲው እኚህን ሰው አይቀልድባቸውም። ደብዳቤያቸውን በክብር ያስነብበናል። እኔ ይህንን ክፍል ሳነብ በየመሥሪያ ቤቱ ደጅ ማመልከቻ ይዘው ሲመላለሱ የማውቃቸውን ሽማግሌዎች አሰብኩ። ወንድሜ አዲስ አበባ ቀርቷል፣ ልጄ ጎንደር ቀርታለች፣ አምጡልኝ እያሉ ስንት ወረቀት ጽፈዋል! ስንቱስ መልስ አግኝቷል?

ቀጥሎ ደግሞ ከሴፋ አጠገብ አንዲት ነጭ የተማረች ሴት የፈረሰ ትልቅ ቤት ገዝታ ታድሳለች። ልጅ አላት፤ አባቷ አፍሪካዊ ነው። ልጅቱ ሱቅ እየመጣች ከሴፋ ጋር መጽሐፍ ታነባለች። ለጥቂት ሳምንታት ሰውየው ቤተሰብ ያገኘ ይመስለዋል። ነገር ግን ሰፈሩ ውድ እየሆነ ድሆች ከቤታቸው መባረር ይጀምራሉ፤ ቁጣው በሴትየዋ ላይ ይወጣል። መጨረሻውን አልነግራችሁም፤ የሚያነብ ልጅ ካላችሁ ይንገራችሁ።

መጽሐፉ በዚያው ዓመት በእንግሊዝ የጋርዲያን ጋዜጣ ለአዲስ ደራሲ የሚሰጠውን ሽልማት አገኘ፤ በፈረንሳይም ተሸለመ። በ2008 የሲያትል ከተማ ቤተ መጻሕፍት ነዋሪው ሁሉ አንድ መጽሐፍ አብሮ እንዲያነብ ሲመርጥ፣ የመረጠው ይህንን ነበር።

ልጅ ባዶውን ቦታ ሲሞላው

ሁለተኛው መጽሐፍ በ2010 የወጣው «አየርን እንዴት ማንበብ ይቻላል» ነው። እኔ ለእናንተ ከሁሉ አስበልጬ ልነግራችሁ የፈለግሁት ይህንን ነው።

ዮናስ ወልደማርያም አሜሪካ የተወለደ ልጅ ነው። አባቱ ዮሴፍ በሱዳን በኩል ወጥተው በመርከብ ተደብቀው የመጡ ሰው ናቸው። እናቱ ማርያም ከዓመታት በኋላ ፒዮሪያ ድረስ ባሏን ተከትላ መጣች። በመለያየታቸው ዘመን እንግዳ ሆነው ጠበቁ። ቤት ውስጥ ዱላ አለ፣ ዝምታ አለ። ልጁ በዱላውና በዝምታው መካከል አደገ። እንዴት መጣችሁ? ማን ሞተ? ለምን ትጣላላችሁ? የሚመልስለት የለም። መጽሐፉ የሚሄደው በሁለት መንገድ ነው። ወላጆቹ ከሠላሳ ዓመት በፊት ከፒዮሪያ ወደ ናሽቪል በመኪና ያደረጉትን ጉዞ እያሰበ፣ ያንኑ መንገድ ልጁ እንደገና ይሄደዋል።

ዮናስ ሥራው ምን ነበር መሰላችሁ? ኒውዮርክ ውስጥ ስደተኞችን የሚረዳ ቢሮ ተቀጥሮ ጥገኝነት የሚጠይቁ ሰዎች የሚያቀርቡትን ታሪክ ያስተካክል ነበር። ታሪኩ ደረቅ ከሆነ ጨው ይጨምርበታል፤ ያልተደበደበውን ደብድቦ ይጽፈዋል። በኋላ አስተማሪ ሆነ። አንድ ቀን ክፍል ውስጥ ስለ አባቱ ጉዞ ማውራት ጀመረ። የሱዳን ወደብ፣ ሙቀቱ፣ የመርከቡ ሳጥን፣ ያዳነው ወዳጅ፤ ተማሪዎቹ አፋቸውን ከፍተው ሰሙት። በማግስቱም ቀጠለ። ከዚያ ታሪክ ውስጥ አባቱ የነገሩት ስንቱ ነው? ጥቂቱ። የቀረውን የፈጠረው ልጁ ነው።

እናቶችና አባቶች፣ ይህ የመጽሐፍ ወሬ ብቻ አይደለም። እኔ አስተማሪ ነኝ። በየዓመቱ የባር ሚጽቫና የባት ሚጽቫ ዕድሜ የደረሱ ልጆች «አቮዳት ሾራሺም» የሚባለውን ሥራ ይሠራሉ። የቤተሰባችሁን ሥር ፈልጉ ይባላሉ፤ አያቶቻችሁ ከየት መጡ፣ እንዴት መጡ፣ ምን ይዘው መጡ። የሌላው ልጅ ደብተር በፎቶግራፍና በደብዳቤ ይሞላል። የእኛ ልጅ ብዙ ጊዜ «ሳብታ ማውራት አትወድም» ብሎ ይመጣል። ከዚያ ከኢንተርኔት ስለ ዘመቻ ሙሴ አንድ ገጽ ይገለብጣል፤ የአንበሳና የሽፍታ ታሪክ ይጨምርበታል፤ ያቀርባል። ነጥብም ያገኝበታል። አያቱ በእግር ሄደው ሱዳን የቀበሩት ወንድማቸው ስም ግን እዚያ ገጽ ላይ የለም።

በዚያ መንገድና በሱዳን መጠለያዎች ወደ 4,000 የሚጠጉ ወገኖቻችን እንደቀሩ ይነገራል። በኢየሩሳሌም ቀን ሄርጽል ተራራ ላይ ቆመን እናስባቸዋለን። ሥነ ሥርዓቱ ጥሩ ነው። ልጁ ግን እዚያ የሚሰማው የባለሥልጣን ንግግር ነው። የእናንተን የሰማው መቼ ነው?

ዝምታችሁን አልፈርድበትም። አንዳንዱ ነገር ሲነገር እንደገና ይደማል። «ዝም አይነቅዝም» የሚለውንም ተረት አውቀዋለሁ፤ አባቶቻችን በዚያ ተረት ብዙ ክፉ ቀን አልፈዋል። ሆኖም ዝምታ በእናንተ ልብ ባይነቅዝ በልጁ ልብ ይነቅዛል። ዮናስ ሰው ማመን አቅቶት፣ ለሚስቱ እንኳ እውነት መናገር ተስኖት ትዳሩ ይፈርሳል። ያልተነገረው ነገር ለሚስትየዋም ተረፋት።

ስምና ሰው

በ2012 ዲናው የማካርተር ፌሎሺፕ የሚባለውን ሽልማት አገኘ። ገንዘቡ ያኔ በአምስት ዓመት የሚከፈል 500,000 ዶላር ነበር። ለዚህ ሽልማት ማመልከቻ አይገባም፤ ሌሎች ሰዎች በምስጢር ይጠቁሙና አንድ ቀን ስልክ ይደወላል። የ34 ዓመት ሰው ነበር። ከዚያ በፊት በ2010 ኒውዮርከር የተባለው መጽሔት ከ40 ዓመት በታች ካሉት 20 ምርጥ ደራሲዎች አንዱ ብሎ መርጦት ነበር። በመካከሉ በጋዜጠኝነትም ሠርቷል፤ ዳርፉር ድረስ ሄዶ ዘግቧል።

ሦስተኛው መጽሐፍ «ስሞቻችን ሁሉ» በ2014 ወጣ። አንድ ኢትዮጵያዊ ወጣት ደራሲ ለመሆን ተመኝቶ ወደ ካምፓላ፣ ኡጋንዳ ይሄዳል። እዚያ ይስሐቅ ከሚባል ወጣት ጋር ይወዳጃል። አገሩ ወደ ጦርነት ሲገባ ይስሐቅ ፓስፖርቱንና ስሙን ለጓደኛው ይሰጠዋል። ጓደኛው በይስሐቅ ስም አሜሪካ ይገባል። አንዲት ነጭ የማኅበራዊ ጉዳይ ሠራተኛ ትቀበለዋለች፣ ይዋደዳሉ። የምትወደውን ሰው እውነተኛ ስም ግን አታውቅም።

ይህንን መጽሐፍ ያለ ትዝታ የሚያነብ ከእኛ መካከል ማን አለ? አውሮፕላን ወርደን ገና ሳንረጋጋ ስንት ልጅ በአንድ ጧት አዲስ ስም ተሰጠው። ወላጅ የሰጠው ስም ትርጉም ነበረው፤ የተወለደበትን ቀን፣ የእናቱን ምጥ፣ የአያቱን ምኞት ይናገር ነበር። ከጸሐፊው ጠረጴዛ ሲነሳ ግን ሌላ ሰው ሆኖ ነበር። አሁን ብዙ ወጣቶች የድሮ ስማቸውን እየመለሱ ነው። ትርጉሙን የሚነግራቸው ሰው ያስፈልጋቸዋል፤ ያ ሰው ደግሞ እናንተ ናችሁ።

ማሙሽ

ከዚያ በኋላ አሥር ዓመት ሙሉ ልብ ወለድ አላወጣም። በኒውዮርክ ግዛት በሚገኘው በባርድ ኮሌጅ የጽሑፍ ጥበብ እያስተማረ ቆየ። በ2024 አራተኛው መጽሐፍ «እንደኛ ያለ ሰው» መጣ።

የባለታሪኩ ስም ማሙሽ ነው። እንግሊዝኛ አንባቢው ይህን እንደ ማንኛውም ስም ያነበዋል። እናንተ ግን ትስቃላችሁ። ማሙሽ ትልቅ ሰው ነው፤ ጋዜጠኛ፣ ፓሪስ የሚኖር፣ ሚስትና ልጅ ያለው። ነገር ግን ለዘመዶቹ እስከ ዛሬ ማሙሽ ነው፤ ያልተነገረው ነገር ስላለ ያላደገ ልጅ።

ማሙሽ ለገና እናቱን ሊጠይቅ ወደ ዋሽንግተን አካባቢ ይመጣል። ሳሙኤል የሚባል የቤተሰቡ ሰው ሞቶ ተገኘ። ሳሙኤል ታክሲ ነጂ ነበር፤ ቀን ከሌት ይሠራል፣ ብዙ ሕልም አለው፣ ሱስም አለበት። በየከተማው ያለ ስደተኛ ሁሉ የሚያምነው፣ አሜሪካን ከዳር እስከ ዳር የሚያገናኝ የታክሲ ድርጅት ላቋቁም ይል ነበር። ለማሙሽ ሳሙኤል አባቱ እንደሆነ ያስታውቃል፤ ግን በዕድሜ ልኩ አንድ ቀን እንኳ «አባትህ ነኝ» አልተባለም። እናቱም አልነገረችውም። ማሙሽ ጋዜጠኛ ስለሆነ የገዛ አባቱን ታሪክ ለመፈለግ ቺካጎ ሄዶ የፍርድ ቤት መዝገብ ያገላብጣል። አስቡት! ልጅ ስለ አባቱ ለማወቅ ከአባቱ አፍ ሳይሆን ከመንግሥት ፋይል ሲፈልግ።

መጽሐፉ አሳዛኝ ነው፤ ነገር ግን ያ ትውልድ ምን እንደከፈለ በደንብ ያሳያል። ሳሙኤል ዝም ያለው ልጁን ስላልወደደ አይደለም። ሌሊት መኪና የሚነዳው ለማን ነው? ፍቅሩን በሥራ ነገረው። ልጁ ግን በቃልም ሊሰማው ይፈልግ ነበር።

ለእኛ ቤት ምን ይተርፋል?

እዚህ አገርም የእኛ ልጆች መጻፍ ጀምረዋል። ዳሊያ ቤቶሊን ሸርማን በ2013 በዕብራይስጥ ያወጣችው የአጫጭር ልብ ወለዶች መጽሐፍ አንዱ ምሳሌ ነው፤ የመጡ ልጆችን ሕይወት በልጅ ዓይን ያሳያል። ሌሎችም አሉ፣ ገናም ይመጣሉ። የምንጽፈው ቋንቋ ዕብራይስጥ ይሁን እንግሊዝኛ፣ የሚጻፈው ነገር ያለው በአማርኛና በትግርኛ፣ በእናንተ ዘንድ ነው። ደራሲ የሚሆነውም የማይሆነውም ልጅ ያስፈልገዋል።

ስለዚህ ሦስት ነገር ልመክር።

አንደኛ፣ ሁሉንም በአንድ ቀን አትናገሩ። ከባዱን ነገር መጀመሪያ ማንሳት የለባችሁም። ከመንደራችሁ ጀምሩ፤ ወንዙ ማን ይባል ነበር፣ በሬዎቹ ስማቸው ምን ነበር፣ የሰንበት ዳቦ እንዴት ይጋገር ነበር። መንገዱ በራሱ ጊዜ ይመጣል። ነገርን ነገር ያነሣዋል።

ሁለተኛ፣ የሞቱትን በስም ጥሩ። «ሱዳን ብዙ ሰው ሞተ» ለልጅ ቁጥር ነው። «እህቴ እንዲህ ትባል ነበር፣ መዝፈን ትወድ ነበር፣ እዚህ ቦታ ቀበርናት» ግን ዘመድ ነው። ማልቀስ ከመጣ አልቅሱ፤ ልጅ እናቱ ስታለቅስ ማየት አይገድለውም። ሳይገባው መቅረቱ ነው የሚጎዳው።

ሦስተኛ፣ ልጁ በስልኩ ድምፃችሁን ይቅዳ። ስልክ ዘላለም ከእጁ አይወርድ፤ አንድ ጊዜ ለቁም ነገር ይዋል። በዕብራይስጥ ቃል ቢያጥራችሁ በአማርኛ ተናገሩ። ዛሬ ባይገባው ሠላሳ ዓመት ሲሆነው የሚተረጉምለት ፈልጎ ይሰማዋል። ቀኑን ግን ሰንበት አታድርጉት፤ ቅዳሜ ማታ ሰንበት ከወጣ በኋላ ቡናው እየፈላ ይመቻል።

እንግሊዝኛ የሚያነቡ፣ ለባግሩት የሚዘጋጁ ልጆች ያሏችሁ ደግሞ የዲናው መንግሥቱን ስም በወረቀት ጽፋችሁ ስጧቸውና ቤተ መጻሕፍት ይጠይቁ። ከመጀመሪያው መጽሐፍ ቢጀምሩ ይሻላል። አንብበው ሲጨርሱም ታሪኩን ለእናንተ ይንገሯችሁ። የሴፋን አባት ነገር ሲነግሯችሁ፣ «እኛም ቤት እንዲህ ያለ ሰው ነበር» ለማለት ጥሩ አጋጣሚ ነው።